ለጓዴ ብዬ ያነሳሁት ልጅ

ጥር 18፣ ሐሙስ

ዛሬ ዐሥራ አንድ የባንክ ሠራተኞች ይዤ ግንብ ማርያም ወርጄ መጣሁ። ከመካነ ኢየሱስ በሚኒባስ አንድ ሰዓት ተኩል ነው፤ ከዚያ በእግር ቁልቁለት። ሳንወርድ የዘወትሩን አልኳቸው። የጥንቱ ግንብ ፍርስራሽ ላይ መውጣት የለም። ወንዙ ከቦረቦራቸው ሦስት ገንዳዎች ላይኛው ጠበል ስለሆነ አይዋኝበትም፤ መዋኘት ለፈለገ ታችኞቹ ሁለቱ አሉለት። ሁሉም እሺ ይላል። ከዚያ አንዱ ይረሳና ጠበሉ ውስጥ እግሩን ይነክራል። ዛሬ የረሳው ሥራ አስኪያጁ ነው።

ግንቡን ማን ሠራው ብለው ጠየቁኝ። አስጎብኚ «አላውቅም» ካለ ማን ይከተለዋል? ስለዚህ ሦስት ታሪክ አለኝ። ለአስተማሪዎች የንጉሡን፣ ለምእመናን የመነኩሴውን፣ ለወጣቶች ደግሞ ወዳጇን ስትጠብቅ ግንቡ ላይ ያረጀችውን ልዕልት። የባንኮቹ ልዕልቷን ወደዷት። ሹፌራችን ዳንኤል «ይቺ ልዕልት በሄድን ቁጥር ታሪኳ እየረዘመ ነው» ብሎ ሳቀብኝ።

ፍቅርተ አራስ ከሆነች ወዲህ ለጎብኚዎች ምሳ የምትሠራው ሌላ ሴት ናት። ሽሮዋ ውሃ ነው። ጎብኚዎቹ ግን ጠርገው በሉት። ያልጣመኝ እኔን ብቻ ነው።

ጥር 21፣ እሑድ

ፍቅርተን ልጠይቅ ሄድኩ። ልጁ ወፍሯል። ምንይችል ብላዋለች። አፍንጫው ቁርጥ የአባቱ ነው። አባቱ አዳነ ከዳንኤል በፊት የኛ ሹፌር ነበር፤ አምና ከፋሲካ በኋላ መኪና ተገልብጦ ሞተ። ያን ጊዜ ፍቅርተ ማርገዟን ገና ለሰው አልተናገረችም ነበር። አዳነ ጓደኛዬ ነበር። ይህን የምጽፈው ስለምረሳው አይደለም።

ክርስትናው ቅዳሜ ነው። አዳነ የተቀበረው ግንብ ማርያም ነውና «ልጁም አባቱ ካለበት ይጠመቅልኝ» አለች። ቅዳሜ ከደብረ ታቦር የሚመጡ ነርሶች አሉኝ። መኪናው መሄዱ ካልቀረ እሷም እናቷም ከነልጁ አብረውን ይሂዱ ተባባልን። ክርስትና የሚያነሳው ጓዴ የሚባለው ወንድሟ ነው፤ ከወገዳ መጥቶ እዚያው ይጠብቀናል አለችኝ።

ስወጣ ጎረቤቷ ስንዱ «ይሄ ሰውዬ መንገዱን ለመደው እኮ» ስትል ሰማኋት። ሴቶቹ ሳቁ። የፍቅርተን ሳቅ ለይቼ አልሰማሁትም። ጨዋ ናት፣ በሰው አትስቅም።

ከእናቴ በቀር ለማንም ያልተናገርኩትን እዚህ ልጻፈው። ፍቅርተን እወዳታለሁ። የአዳነ ሙት ዓመት እንዳለፈ ለአባቷ ሽማግሌ እልካለሁ። ሁለቱ አጎቶቼ ይሄዳሉ፤ ሦስተኛውን አስብበታለሁ። ልጁን የአብራኬ ክፋይ አድርጌ አሳድገዋለሁ። እሷ ታውቅ ይሆን? ሴት ልጅ ሳይነግሯት ታውቃለች ይባላል። ካወቀች ደግሞ በሯን አልዘጋችብኝም።

ጥር 26፣ ዓርብ

ጥድፊያ። የዋና ገመድ፣ የውሃ ጀሪካን፣ የዳንኤል ጎማ። ነርሶቹ ማምሻውን ገቡ። ሌሊት እንነሣለን ስላቸው ፊታቸው ጠቆረ።

ፍቅርተ ደወለች። «ነገ ቁርስ እንዳትበላ» አለችኝ። ምነው ስላት «እንዲሁ ነው፤ ቅዳሴው ላይ አብረኸን ትቆማለህ» አለች። ለነፍሴ የሚያስብ ሰው አገኘሁ ማለት ነው። ደስ አለኝ።

ጥር 27፣ ቅዳሜ ማታ

እጄ እስኪዝል ብጽፍ ግድ የለኝም። ዛሬ ትልቅ ቀን ነው።

ገና ሳይነጋ ወጣን። ነርሶቹ «ለዋና ብሎ በዚህ ሰዓት የሚነሣ ሰው አለ?» እያሉ ሲያጉረመርሙ ቆዩ። ልጁ ሲያለቅስ ግን አንዷ ከአያቱ ተቀብላ አቀፈችው፤ ከዚያ በኋላ ያጉረመረመ የለም።

ስንደርስ ጓዴ የለም። ፍቅርተ «መንገዱ ይሆናል» አለች። የወገዳን መንገድ ለሚያውቅ ይህ አይደንቅም። ትንሽ ጠበቅን። ቄስ ገብረ ሚካኤል ከክርስትና ቤቱ ወጥተው «ቅዳሴው ሊገባ ነው፣ ልጁን አቅርቡት» አሉና ከፍቅርተ ጋር መነጋገር ጀመሩ። እኔ ያን ጊዜ ከነርሶቹ አንዱ ሸሚዙን አውልቆ ወደ ላይኛው ገንዳ ሲንደረደር አየሁት። «ጠበል ነው! ኧረ ጠበል ነው!» እያልኩ ቁልቁል ሮጥኩ። ደርሼ በክንዱ ያዝኩት። ሥራዬ ይኸው ነው፤ ሰው ሁሉ ሲጸልይ እኔ ጎብኚ እጠብቃለሁ።

እያለከለኩ ስመለስ ቄሱ «ና ልጄ፣ እህል አልቀመስክም አይደል?» አሉኝ። አልቀመስኩም አልኳቸው። «በል እንግዲህ ቅረብ።» ዞር ብዬ አየሁ። ዳንኤል ኩኪሱን በሻይ በልቷል። ነርሶቹ የማናውቃቸው ሰዎች ናቸው። አርባ ቀኑ ዛሬ ነው፤ ልጁ ሳይጠመቅ ሊመለስ አይችልም። «አባ፣ እኔ የማነሳው ለጓዴ ብዬ ነው፤ ለወንድሟ» አልኩ። ቄሱ መጽሐፋቸውን ገልጠው ጸሎቱን ጀምረው ነበር። ፍቅርተ መሬት መሬት ታያለች። እንዳፈረች ገባኝ፤ ወንድሟ ቀረባት አይደል?

ወደ ምዕራብ ዞሬ ስለ ልጁ ሰይጣንን ካድኩ። ወደ ምሥራቅ ዞሬ አመንኩለት። ውሃው ከጠበሉ የመጣ ነው፣ አጥንት ይሰብራል። ልጁ ጮኸ። ከነእርጥቡ እጄ ላይ አኖሩት። ወልደ ማርያም ተባለ። ማዕተቡን ሲያስሩለት ዝም አለና በእነዚያ የአዳነ ዐይኖች አየኝ።

ፍቅርተ ቀና ያለችው ያኔ ነው። እንባ አቅርራ እኔን አየችኝ። በዚህ ሁሉ ጊዜ እንዲህ አይታኝ አታውቅም። ዛሬ ልቧን አገኘሁት።

ከቅዳሴ በኋላ ነርሶቹ እስኪጠግቡ ዋኙ። የልዕልቷን ታሪክ ስነግራቸው ወዳጇን ከጦርነት በደኅና መልሼ አገባኋት። ዳንኤል ራሱ አጨበጨበ።

ጥር 28፣ እሑድ

ለእናቴ ነገርኳት። ጥጥ ትፈለቅቅ ነበር፤ አቆመች።

«ማን አነሳው አልከኝ?»

«እኔ። ግን ለጓዴ ነው እማዬ። እሱ ስላልደረሰ።»

«ጓዴ እዚያ ነበር?»

«አልነበረም አልኩሽ እኮ።»

«እንግዲያስ ያነሳኸው አንተ ነህ።» ጥጡን ወደ ሰፌዱ መለሰች። «አይ ልጄ። አበልጅህን ልታገባ ነው?»

አስቤበት ነበር? አላሰብኩበትም። ሕፃን ልጅ የሚያውቀውን ነገር። ክርስትና ያነሳ ሰው ከልጁ እናት ጋር የሥጋ ዘመድ ያህል ነው፤ አይጋቡም። እጄን ስዘረጋ ይህ በጭራሽ ትዝ አላለኝም። ትዝ ያለኝ ውርጩና አርባ ቀኑ ነው። ግን እኮ ለጓዴ ነው ብያለሁ። ጮክ ብዬ ብያለሁ። ውክልና የሚባል ነገር አለ።

ጥር 30፣ ማክሰኞ

ዳንኤል ገበያ መሀል «እንዴት አደርክ የፍቅርተ አበልጅ!» አለኝ። ዝም በል አልኩት። ደነገጠ። ምንም የማያውቀውን ሰው አስቀየምኩት።

የካቲት 3፣ ዓርብ

ጓዴን በስልክ አገኘሁት። «የዚያን ዕለት ቀርተህብን እኮ ክርስትናውን ባንተ ስም አነሳሁልህ» አልኩት።

«የምን ክርስትና?» አለኝ።

የወገዳ መስመር መቼም ይቆራረጣል፤ አልሰማኝም። ደግሜ ስነግረው «እህቴን ጠይቃት» አለኝ። መልሼ ስደውል አይነሣም። እርሻ ላይ ይሆናል። በዚህ ወር የምን እርሻ አለ? ውድማ ላይ ይሆናል።

የካቲት 9፣ ሐሙስ

የሰፈራችንን ቄስ የሌላ ሰው ጉዳይ አስመስዬ ጠየቅኳቸው። «አንድ ጓደኛዬ ነው፤ በሌላ ሰው ስም ክርስትና ቢያነሳ ያነሳው ማን ይባላል?»

ሳቁ። «ጓደኛህ ልጁን በማን እጅ ተቀበለው?»

«በራሱ።»

«ታዲያ እጁን ከማን ተውሶ ነው?»

አመስግኜ ወጣሁ። ጥሩ ሰው ናቸው፣ ግን ትምህርታቸው እስከዚህም ነው። እንዲህ ያለ ነገር ለሊቃውንት ነው የሚቀርበው። ይህን የምለው ስለተናደድኩ እንደሆነ አውቃለሁ።

የካቲት 13፣ ሰኞ

ጾም ገባ። በጾም ሰርግ የለም፣ ሽማግሌም አይላክም። እስከ ፋሲካ ጊዜ አለኝ። ጊዜ አለኝ።

የካቲት 18፣ ቅዳሜ

ጎብኚ ይዤ ወረድኩ። አንዲት የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ለቲክቶክ እየቀረጸችኝ የልዕልቷን ታሪክ ጠየቀችኝ። ጀመርኩና መሀል ላይ ጠፋብኝ። «ከዚያስ?» አለችኝ። ከዚያማ እንጃ። ወደ ዋናው ላክኳት።

ቄስ ገብረ ሚካኤልን ከሩቅ አየኋቸው። ለሊቃውንቱ ሳላቀርብ እሳቸውን መጠየቅ አልፈለግኩም። በአዳነ መቃብር በኩል ዞሬ አለፍኩ። እዚያም መቆም ከበደኝ። ምን እለዋለሁ? ሚስትህን ላገባ አስቤ ልጅህን አጠመቅኩልህ?

የካቲት 25፣ ቅዳሜ

ፍቅርተ ቤት ሄድኩ። በሩ ላይ እግሬ እምቢ ሲለኝ ስንዱ አየችኝና «ግባ እንጂ፣ የቤቱ ሰው አይደለህ እንዴ?» አለች። ያ ሽሙጧ የለም። አሁን ብገባ ብወጣ የሚያማኝ ሰው የለም፤ በሩ ለእኔ ወለል ብሎ ተከፍቷል። እንዲህ ሲከፈት ያምማል እንጂ ደስ አይልም።

ፍቅርተ ከወትሮው ይልቅ ተጫወተችኝ። ቀለል ብሏታል። ከአዳነ ሞት ወዲህ እንዲህ ስትስቅ አላየኋትም። ልጁን አቀበለችኝና እኔ ላይ ጥላው ወደ ጓዳ ገባች። ድሮ አትሰጠኝም ነበር፤ ወይ እናቷ ትይዘዋለች፣ ወይ ራሷ። ደረቴ ላይ ተኛ። ላነሣው ነው ላወርደው ነው እያልኩ ክንዴ እስኪደነዝዝ ተቀመጥኩ።

ልነግራት ነበር። ሳልነግራት ወጣሁ።

መጋቢት 5፣ ማክሰኞ፣ ንፋስ መውጫ

ሊቁ የኔታ ቀለመ ወርቅ ዘንድ ደረስኩ። ከከተማው ወጣ ብሎ ነው ጉባኤያቸው። እስከ ደብረ ታቦር በአውቶብስ፣ ከዚያ በሚኒባስ፣ ከዚያ በባጃጅ፣ የቀረውን በእግር። ብርዱ ከኛ አገር ይብሳል። ተማሪዎቻቸው ቅኔ ሲዘርፉ ቁጭ ብዬ ጠበቅኩ። በዚያ ሁሉ ሰው መሀል የኔ ነገር እንዴት ትንሽ እንደሆነች ተሰማኝና አፈርኩ። ግን ለእኔ ትንሽ አይደለችም።

ዛሬ «ጓደኛዬ» አላልኩም። ሁሉንም ነገርኳቸው። ዐይናቸውን ጨፍነው ሰሙኝ።

«ወንድሟ በእርግጥ ተጠርቶ፣ አንሺው እሱ ነው ተብሎ ለካህኑ ከተነገረ፣ አንተም እጅ ብቻ ሆነህ ከቆምክ፣ የሚነጋገሩበት ነገር ነው። ሀገረ ስብከት ድረስ ሊጠየቅ ይችላል» አሉ።

«ይሆናል ማለት ነው የኔታ?»

«ይሆናል አላልኩህም። ጸሎቱ ሳይጀመር ካህኑ እናትየዋን ጠይቀዋል፤ ማን ያነሳዋል ብለው። ሳይጠይቁ አይጀምሩም። ምን አለች?»

«አልሰማሁም፤ ጎብኚ ላባርር ወርጄ ነበር።»

ዐይናቸውን ገለጡና ብዙ አዩኝ። «ካህኑን ጠይቅ» አሉኝ። ቀጥለው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው «ልጄ፣ ለሕጉ ብለህ ነው ይህን ያህል አገር ያቋረጥክ?» አሉ። ለሕጉ ነው አልኳቸው። «እንግዲያ ቀላል ነው» አሉና ባረኩኝ።

በተስፋ ነው የምመለሰው። በተስፋ ነው።

መጋቢት 16፣ ቅዳሜ

ግንብ ማርያም ነበርኩ። ቄሱ ሥራ በዝቶባቸው ነበር፤ አልጠየቅኳቸውም።

መጋቢት 23፣ ቅዳሜ

ዛሬም አልጠየቅኳቸውም። ጎብኚዎች ቸኩለው ነበር። ግንቡን ማን እንደሠራው ሲጠይቁኝ «አላውቅም» አልኩ። የተቀየመ ሰው የለም። ወርደው ዋኙ። እኔ ድንጋዩ ላይ ተቀምጬ ውሃው ከጠበሉ ወደ መዋኛው ሲወርድ አየሁ። ዳንኤል መጥቶ አጠገቤ ተቀመጠ።

«ከስተሃል» አለኝ።

«ጾም ነው።»

«ሁላችንም ጾመኛ ነን።» ጠጠር ወደ ውሃው ወርውሮ «ጓዴን እኮ በክርስትናው ሰሞን ወገዳ ገበያ አግኝቼው ነበር። እህቱ ልጇን መቼ እንደምታስጠምቅ ጠየቀኝ» አለ።

ከየት አባቱ እንዲህ ያለ ነገር ያመጣል? ረስቶ ይሆናል። ወሬ ይወዳል ዳንኤል። ሂድ ሞተርህን አስነሣ አልኩት።

ሚያዝያ 3፣ ማክሰኞ፣ ሰሙነ ሕማማት

ጎብኚ የለም። ብቻዬን ወረድኩ። ቄስ ገብረ ሚካኤል ስግደት ላይ ነበሩ፤ እስኪጨርሱ አብሬ ሰገድኩ። ከዚያ ጥላ ስር ተቀምጠን ጠየቅኳቸው።

«የክርስትናው ዕለት ፍቅርተን ማን ያነሳዋል ብለዋታል አባ?»

«እንዴታ! ሳልጠይቅ?»

«ማንን አለች?»

ገርሟቸው አዩኝ። «አንተን ነዋ። ፍሥሐ ያነሳዋል አለችኝ። ፍሥሐ የቱ ነው ብላት ያ የሚሮጠው አለች።»

«ጓዴ የሚባል ስም አልጠራችም?»

«ጓዴ ማነው?»

ወደ ላይ መውጣቱን አላስታውሰውም። ቤቴ ነኝ።

ሚያዝያ 6፣ ስቅለት

ስግደት። ደግ ነው፤ ሰው ለምን ታለቅሳለህ አይልም።

ሚያዝያ 9፣ ሰኞ፣ የፋሲካ ማግሥት

ፍቅርተ ቤት ሄድኩ። እናቷ ዘመድ ጥየቃ ወጥተዋል። ልጁ ተኝቷል። «እንኳን አደረሰህ» ብላ ልታቀርብልኝ ስትነሣ ቁጭ በይ አልኳት።

«ጓዴ ያን ቀን ለምን ቀረ?»

ላፋጥጣት የፈለግኩ አይመስለኝም። አንድ ውሸት ብትሰጠኝ ተቀብዬ እሄድ ነበር። መንገዱ ነው ብትለኝ።

«ጓዴን አልጠራሁትም» አለች።

ቁጭ አለች፣ ነጠላዋን ጭኗ ላይ ሰበሰበችው። «እናትህ ነግራኛለች። ክፉ አስባ አይደለም፤ ደስ ብሏት ነው። ከሙት ዓመቱ በኋላ ሽማግሌ ሊልክ ነው አለችኝ።»

«ታዲያ አፍ የለሽም? እምቢ ማለት አቃተሽ?»

«እምቢ ብልህ ትቀራለህ። ዳግመኛ እዚህ ቤት አትመጣም፤ አውቅሃለሁ። እሺ ብልህ ደግሞ ዕድሜዬን ሙሉ እዋሽሃለሁ። ሞክሬያለሁ ፍሥሐ። ማታ ማታ ተኝቼ እሱን ብወደውስ እያልኩ ሞክሬያለሁ። ልቤ አልሄደልኝም።»

ዞር ብዬ ልጁ የተኛበትን አየሁ።

«ልጄ አባት የለውም» አለች። «ወንድሜ ጥሩ ነው፤ ግን ሩቅ ነው፣ የራሱ ቤት አለው። ከሰው ሁሉ ልጄን የማምነው አንተን ነው። የማትሄድበት ቦታ ላይ ላስቀምጥህ ብዬ ነው።»

«በእግዜር ፊት አታለልሽኝ።»

«አዎ» አለች። «ለንስሐ አባቴ ነግሬያለሁ። ላንተ ነው መንገር ያቃተኝ።»

አዎ ባትል ይሻለኝ ነበር። ብትከራከረኝ እጮህ ነበር፤ ጮኼ እወጣ ነበር። ልጁ ነቃና ማልቀስ ጀመረ፤ ሁለታችንም እኩል ተነሣን። እኔ መልሼ ተቀመጥኩ።

ይህን ደብተር ከጥር ጀምሮ መለስ ብዬ ማንበብ አልፈልግም። ምን ምን እንደጻፍኩ አውቃለሁ።

ሚያዝያ 10፣ ማክሰኞ

ተናድጃለሁ። አልሄድም። ሁለተኛ ደጇን አልረግጥም። እሷ ያስቀመጠችኝ ቦታ ላይ የምቀመጥ ዕቃ አይደለሁም።

ሚያዝያ 11፣ ረቡዕ

እናቴ የሆነውን ከየት እንደሰማች አላውቅም፤ «እኔ ነኝ፣ የኔ አፍ ነው» ብላ አለቀሰች። አይደለም አልኳት። እሷን ማባበል የራሴን ትንሽ አስረሳኝ።

ሚያዝያ 12፣ ሐሙስ

አጎቶቼ ዘንድ ሄጄ ለሽምግልናው እንዳትዘጋጁ አልኳቸው። ትልቁ «ምነው? ልጅቱ ነውር ተገኘባት እንዴ?» አለኝ።

ነውርማ የለባትም። በእሷ ላይ ክፉ ሲነገር እኔ ቆሜ ልሰማ አልችልም፤ ለካ ይህ አልቀረልኝም። «የለባትም አጎቴ። አበልጆች ሆነናል» አልኩ።

ቃሉን ከራሴ አፍ ስሰማው መጀመሪያዬ ነው። «ጥሩ ዝምድና ነው» አለኝ። አዎ አልኩት።

አሁንም እወዳታለሁ። ይህን ለንስሐ አባቴ እናገራለሁ፤ ከዚያ በኋላ እዚህም አልጽፈውም።

ሚያዝያ 15፣ እሑድ፣ ዳግም ትንሣኤ

ዛሬ ጎብኚዎቹ ብዙ ነበሩ፤ ሁለት መኪና ሞልተው መጡ። ፍቅርተ ልጇን አዝላ የምሳውን ሰሃን ይዛ ከዳንኤል ጎን ተቀምጣለች። ወደ ሥራ እንደምትመለስ የነገረኝ የለም። ሰላም አልኳት። ሰላም አለችኝ። መንገዱን ሙሉ በመስኮት ሳይ ሄድኩ።

ቁልቁለቱን ስንጀምር ሆን ብዬ ከፊት ሆንኩ። ስለ ፍርስራሹ፣ ስለ ጠበሉ፣ ስለ መዋኛው የዘወትሩን እያወራሁ ነበር። ድንጋዩ የሚያንሸራትትበት ቦታ ላይ ከኋላዬ የሰው ሰልፍ ቆመ። ሰሃኑን ለዳንኤል ሰጥታ ልጁን ከጀርባዋ አውርዳ ይዛለች፤ መውረድ አቅቷታል። ሁለት ጎረምሶች እጃቸውን ዘረጉላት፤ ልጁን አልሰጠቻቸውም።

እስከ ዛሬ ፍሥሐ ነበር የምትለኝ።

«አበልጄ!» አለች፣ በዚያ ሁሉ ሰው መሀል። ጎብኚዎቹ ማንን ነው ብለው ዞር ዞር አሉ።

እንዳልሰማ ሆኜ መሄድ እችል ነበር፤ ወንዙ ይጮሃል። ቆምኩ። ልጁ ከእቅፏ ላይ ሆኖ ወደ እኔ ያያል።

«አቤት» አልኳት።